ባቄላን በዕቃ ማብቀል፤ ለፍላቂት ደጋ የሚበጀውና የማይበጀው

በአገራችን ደጋማ ክፍል ከሚዘሩት የጥራጥሬ ሰብሎች መካከል ባቄላ በመሬት ስፋትም ሆነ በምርት መጠን የመጀመሪያውን ሥፍራ የያዘ መሆኑ የታወቀ ነው። እሸቱ፣ ንፍሮው፣ ቆሎው፣ አሹቁ፣ ክኩ፣ ሽሮውና ስልጆው የገበሬውን ማዕድ በጾምም በፍስክም ይደግፋሉ። የደረቀው ፍሬ ከመቶ 25 ያህሉ ፕሮቲን ስለሆነ፣ ሥጋና ወተት እምብዛም በማይገኝበት ቤት የልጆችን አካል በመገንባት በኩል ድርሻው ከፍ ያለ ነው።

ከቅርብ ዓመታት ወዲህ በጀሪካን፣ በጆንያና በአሮጌ ዕቃ አፈር ሞልቶ በደጃፍ ጥራጥሬና አትክልት ማብቀል እንደሚቻል በየስብሰባው ይመከራል። ሐሳቡ በመሠረቱ መልካም ነው። መሬት የሌለው ወጣት፣ ጓሮዋ ከአንድ ምንጣፍ የማይሰፋ የከተማ እናት፣ ማሳ መውረድ ያቃታቸው አዛውንት ከዚህ ሊጠቀሙ ይችላሉ። ይሁን እንጂ ምክሩ ለቆላውም ለደጋውም በአንድ ቃል መሰጠቱን እኛ አንደግፈውም። በተለይም እንደ ፍላቂት ባለ ከፍተኛ ሥፍራ ዘሩ ሳይለይ፣ ውሃው ሳይታሰብ፣ አፈሩ ሳይመረጥ የሚሰጥ ምክር ከጥቅሙ ጉዳቱ ሊያመዝን ይችላል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ የልማት ሠራተኞችና የኅብረት ሥራ ማኅበራት ምክሩን ከአካባቢያቸው ጋር አመዛዝነው እንዲሰጡ አስተያየታችንን ማቅረብ ነው።

1. በመጀመሪያ ስሙን እንለይ

በውጭ አገር ቋንቋ በተጻፉ የአተካከል መመሪያዎች ውስጥ አንዱ ስም ባቄላንም ቦሎቄንም ይጠራል። ስለ ዕቃ አተካከል የሚናገሩት መመሪያዎች አብዛኛውን ጊዜ የሚያወሩት ስለ ቦሎቄ ነው። ወደ አማርኛ ሲመለሱ ግን «ባቄላ» ተብለው ይመለሳሉ። በዚህ ምክንያት ለአንዱ ሰብል የተጻፈው የመዝሪያ ወቅት፣ የቀን ቁጥርና የአያያዝ ዘዴ ለሌላው ይሰጣል።

ሁለቱ ግን የተለያዩ ሰብሎች ናቸው። ባቄላ የብርድ አገር ሰብል ነው። በአገራችን ከ1800 እስከ 3000 ሜትር ከፍታ ባለው ሥፍራ በደንብ ይበቅላል፤ ቀዝቃዛ አፈር ውስጥም ይበቅላል፤ ለጋ በሆነበት ጊዜ ቀለል ያለ ውርጭን ይቋቋማል። ቦሎቄ፣ በአንዳንድ ሥፍራ አደንጓሬ የሚባለው፣ ከአሜሪካ ክፍለ ዓለም የመጣና ሙቀት የሚወድ ሰብል ነው። አፈሩ ከቀዘቀዘ ዘሩ ከመብቀሉ በፊት ይበሰብሳል፤ ከበቀለም በኋላ አንድ ሌሊት የጣለ ውርጭ ያጠቁረዋል።

የምርምሩም አደረጃጀት ይህንኑ ልዩነት ያሳያል። የእርሻ ምርምር ኢንስቲትዩት በ1958 ዓ.ም. ከተቋቋመ ወዲህ የባቄላ ሥራ በደጋው በሆለታ፣ የቦሎቄ ሥራ ደግሞ ሞቃት በሆነው በስምጥ ሸለቆ በመልካሳ ዋና ማዕከሉን ይዟል። አዋሽ-1 እና ናስር የመሳሰሉት የቦሎቄ ዝርያዎች ለሞቃት አካባቢ የተመረጡ ናቸው። እነዚህን ዝርያዎች አምጥቶ ከ2500 ሜትር በላይ ባለው በፍላቂት ደጋ ላይ በጀሪካን መዝራት ዘሩንም ድካሙንም ማባከን ይሆናል።

የልማት ሠራተኛው የከፍታ መለኪያ መሣሪያ ባይኖረው የጎረቤቱን ማሳ ይመልከት። በዙሪያው የሚዘራው ገብስ ከሆነ በዕቃው ውስጥ ባቄላ ይዘራ። በዙሪያው የሚዘራው ማሽላ ከሆነ ቦሎቄ ይዘራ። የመቄት ወረዳ ራሱ ሁለቱንም ጠባይ የያዘ ነው፤ ከፍላቂት ሜዳ ተነሥቶ ወደ ተከዜ ሸለቆ የሚወርድ ሰው በአንድ ቀን ጉዞ ከገብስ አገር ወደ ማሽላ አገር ይደርሳል። ስለሆነም ለአንድ ወረዳ እንኳ አንድ ምክር አይበቃም። በመካከሉ ባለው ወይና ደጋ ሁለቱንም በአንድ በአንድ ዕቃ ሞክሮ ማየት ይሻላል።

ቦሎቄ በሚዘራበት ሥፍራ አንድ ማስጠንቀቂያ መነገር አለበት። የባቄላ እሸት በጥሬው መብላት ልማድ ነው። ቦሎቄ ግን በጥሬው ወይም በግማሽ በስሎ ሲበላ ሆድን ክፉኛ የሚያውክ ነገር በውስጡ አለ። የደረቀው ፍሬ ካደረ በኋላ የተነከረበት ውሃ ተደፍቶ፣ በአዲስ ውሃ ቢያንስ ለ10 ደቂቃ በኃይል ተንተክትኮ፣ ከዚያም እስኪለሰልስ መብሰል አለበት።

2. ስሌቱን በግልጽ እናስቀምጥ

ይህ አገር በ1966 እና በ1977 ዓ.ም. በደረሰው ድርቅና ረሃብ ክፉኛ የተጎዳ ነው። እንዲህ ባለ አገር ስለ ምግብ የሚነገር ቃል ሁሉ ተመዝኖ መነገር ይገባዋል። ስለዚህ ስሌቱን እንመልከት።

አንድ ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ሦስት የባቄላ ተክል ይይዛል። እያንዳንዱ ተክል አሥር ቆባ ቢይዝ፣ በየቆባውም ሁለት ወይም ሦስት ፍሬ ቢገኝ፣ ከአንድ ጀሪካን ከ60 እስከ 90 ፍሬ ይገኛል ማለት ነው። ጥቃቅን ፍሬ ካለው ከአገሩ ባቄላ መቶው ፍሬ ከ40 እስከ 50 ግራም ይመዝናል ብንል፣ የጀሪካኑ ደረቅ ምርት ከ25 እስከ 45 ግራም ነው። አሥር ጀሪካን ተደምሮ ግማሽ ኪሎ አይሞላም። በሌላ በኩል በሄክታር 15 ኩንታል በሚሰጥ ማሳ ላይ 10 ሜትር በ10 ሜትር የሆነች ቁራሽ መሬት 15 ኪሎ ትሰጣለች።

ከዚህ ስሌት ሁለት ነገር እንረዳለን። አንደኛ፣ ትንሽም ብትሆን ሊቆፈር የሚችል መሬት ያለው ሰው ቆፍሮ ይዝራ እንጂ ዕቃ አይፈልግ። ሁለተኛ፣ በዕቃ የበቀለ ባቄላ ጎተራ ስለማይሞላ በወረዳም ሆነ በቀበሌ ሪፖርት ላይ የምግብ ዋስትና ተብሎ ሊመዘገብ አይገባውም። አንዲት እናት «ይህ ቤተሰብሽን ይመግባል» ተብላ አሥር ጀሪካን ከሞላች በኋላ አንድ እፍኝ ብታገኝ፣ በሚቀጥለው ዓመት ስለ ማዳበሪያ አጠቃቀም ወይም ስለ ዘር መረጣ የሚነገራትን እውነተኛ ምክርም አትሰማም። የልማት ሠራተኛው ትልቁ ሀብት መታመኑ ነው።

3. ጥቅሙ በመጠኑ ሳይሆን በቀኑ ነው

ታዲያ በዕቃ ማብቀሉ ጨርሶ ይቅር ወይ? አይቅር። ጥቅሙን ግን ከትክክለኛው ሥፍራ መፈለግ ያስፈልጋል።

በደጋው ማሳ ላይ ባቄላ በሰኔ ይዘራል፤ እሸቱ የሚደርሰው ወደ መስከረም መጨረሻና ወደ ጥቅምት ነው። ጎተራው የሚሳሳው ግን በሐምሌና በነሐሴ ነው። በዕቃ ውስጥ ያለ ባቄላ ማሳው እስኪታረስና ክረምቱ እስኪገባ መጠበቅ የለበትም። በሚያዝያ መጨረሻ ወይም በግንቦት መጀመሪያ ቢዘራ በነሐሴ እሸቱ ይደርሳል። ይህም የፍልሰታ ጾም የሚውልበትና ወተት የማይቀመስበት ወር ነው። ጥቂት ቀን ብቻ ቢሆንም፣ በዚያ ወር ለልጅ እራት የሚጨመር አንድ ጎድጓዳ ሳህን የባቄላ እሸት በጥር ከሚገኝ እኩል መጠን የበለጠ ዋጋ አለው።

ሁለተኛው ጥቅም ዕቃው ተንቀሳቃሽ መሆኑ ነው። የደጋውን ባቄላ ከሚያጠቁት ነገሮች መካከል ውርጭ፣ በረዶና ውሃ የሚቋጥር ዋልካ አፈር ይገኛሉ። ማሳን አንሥቶ ቤት ማስገባት አይቻልም፤ ጀሪካንን ግን በረዶ ሲያስገመግም ከጣሪያ ክፈፍ ሥር ማስጠጋት ይቻላል። ከድንጋይ ላይ ተነሥቶ የተቀመጠ ዕቃም ቀዳዳው እስካልተደፈነ ድረስ ውሃ አይቋጥርም።

ሦስተኛው ጥቅም ዘርን ማቆየት ነው። ከገበሬው እጅ ሊጠፋ የተቃረበ የአገር ዘር ካለ፣ ጥቂት ፍሬውን በዕቃ ዘርቶ ለሚቀጥለው ዓመት ማሻገር ይቻላል። እዚህ ላይ ሁለቱ ሰብሎች አሁንም ይለያያሉ። ቦሎቄ በአብዛኛው በራሱ ዱቄት የሚራባ ስለሆነ ዘሩ እንደነበረ ይቆያል። ባቄላ ግን ንብ ከአበባ አበባ እያመላለሰች የምታዳቅለው በመሆኑ፣ ሌላ ዓይነት ባቄላ ከሚያብብበት ማሳ አጠገብ የተቀመጠ ዕቃ ንጹሕ ዘር አይሰጥም። እንዲሁም ወልቂ፣ ዶሻ ወይም ገበልቾ የመሰለ የተሻሻለ ዝርያ በጀሪካን አይቶ ስለ ማሳ ምርቱ መፍረድ ስሕተት ነው፤ የዝርያ ሙከራ የሚደረገው በማሳ ላይ ነው።

4. ውሃው ከማን ትከሻ ይመጣል?

በዕቃ ስለማብቀል ሲነገር ብዙ ጊዜ የሚዘለለው ጉዳይ ይህ ነው። ሙሉ ቅጠል ያወጣ ባቄላ የያዘ አንድ ባለ 20 ሊትር ዕቃ ዝናብ በሌለበት ቀን አንድ ሊትር ያህል፣ በነፋሻ ቀንም ከዚያ በላይ ውሃ ይፈልጋል። አሥር ዕቃ ያላት ቤት በቀን ከአሥር እስከ አሥራ አምስት ሊትር ለተክሉ ልትመድብ ነው። ይህን ውሃ ከምንጭ በጀርባዋ የምታመጣው ሴቲቱ ወይም ልጅቱ ናት። ግማሽ ኪሎ ለማይሞላ ባቄላ አንዲት ልጅ በየቀኑ ተጨማሪ ጉዞ ትሂድ የሚል ምክር እኛ አንሰጥም።

ስለዚህ ወሰኑን በውሃው እንጂ በጀሪካኑ ብዛት አንለካ። አንድ ቤት ሊይዝ የሚገባው የዕቃ ቁጥር ከእጅ ማስታጠቢያና ከእህል ማጠቢያ የተረፈው ውሃ የሚያጠጣውን ያህል ብቻ ነው። በአብዛኛው ቤት ይህ ከአራትና ከአምስት ዕቃ አያልፍም። ሳሙና፣ በረኪና ወይም ጨው የነካው ውሃ አይሆንም። በግንቦት የሚዘራውም በዚሁ ምክንያት ነው፤ ተክሉ ትንሽ ሳለ ጥቂት ውሃ ይበቃዋል፣ ሲያድግና ውሃ ሲያበዛ ክረምቱ ገብቶ ዝናቡ ሥራውን ይረከባል። ከመስከረም በኋላ በዕቃ መዝራት ግን ውሃ ያስቀዳል፣ ውርጭም ይገጥመዋል።

5. ዕቃውና አፈሩ

ጀሪካን፣ የማዳበሪያ ጆንያ፣ አፉ የተሰበረ እንስራ፣ የዘይት ጣሳ ሁሉም ያገለግላሉ። የባቄላ ሥር ወደ ታች የሚወርድ ስለሆነ የአፈሩ ጥልቀት ከ25 ሳንቲ ሜትር ማነስ የለበትም። በዕቃው ሥር የጣት ውፍረት ያላቸው አምስት ወይም ስድስት ቀዳዳዎች ይበሱ። ቀዳዳ ሳይበሱ ከሥር ጠጠር መደልደል ውሃውን አያስወጣም፤ ሥሩ ይበሰብሳል።

የፀረ ተባይ ወይም የፀረ አረም መድኃኒት የነበረበት ዕቃ ቢታጠብም ለዚህ ሥራ ፈጽሞ አይውልም። መድኃኒቱ ወደ ፕላስቲኩ ውስጥ ስለሚገባ እጥበት ሙሉ በሙሉ አያስለቅቀውም። ማኅበራት ይህን በየስብሰባው ሊደግሙት ይገባል።

አፈሩን በተመለከተ ዛሬ ከምንም በላይ የሚያሳስበን የባቄላ ቆርምድ በሽታ ነው። ይህ በሽታ በ2003 ዓ.ም. አካባቢ በሰሜን ሸዋ ከታወቀ ወዲህ ወሎን ጨምሮ ወደ ብዙ የባቄላ አምራች ደጋዎች ተዛምቷል። ቅጠልና ግንዱ ላይ በመጀመሪያ አረንጓዴ፣ ኋላም ቡናማ የሆነ እብጠት ያወጣል፤ ቅጠሉ ይጨማደዳል፤ ተክሉ ቆርፍዶ ይቀራል። ቀዝቃዛና እርጥብ የሆነ ደጋ ይስማማዋል፤ በአፈርና በታመመ ተክል ቅሪት ላይም ይቆያል። ከዚህ የምንረዳው ከታመመ የባቄላ ማሳ ተዝቆ በጀሪካን የሚሞላ አፈር በሽታውን ተሸክሞ ወደ ደጃፍ እንደሚመጣ ነው። ክረምት ሲያልፍ ያ አፈር ሲደፋ ደግሞ ንጹሕ የነበረውን ጓሮ ይበክላል።

በሌላ በኩል ባቄላ ከአየር ናይትሮጅን የሚወስደው በሥሩ ላይ እባጭ በሚፈጥሩ ባክቴሪያዎች አማካይነት ነው፤ ባቄላ በቅቶበት በማያውቅ አፈር ውስጥ እነዚህ ባክቴሪያዎች ሊጎድሉ ይችላሉ። ስለሆነም የሚሻለው አፈር ባቄላ ከተዘራበት ጥቂት ዓመታት ያለፉት፣ በመካከሉ ገብስ ወይም ስንዴ የበቀለበትና ቆርምድ ታይቶበት የማያውቅ ማሳ አፈር ነው። ይህ ካልተገኘ ከሌላ ሥፍራ የመጣ አፈር በባቄላ ሕያው ማዳበሪያ ከታሸ ዘር ጋር መጠቀም ይቻላል። ለቦሎቄ የተዘጋጀው ሕያው ማዳበሪያ ለባቄላ አይሠራም።

ከሁለት እጅ አፈር ጋር አንድ እጅ በደንብ የበሰበሰ ፍግ ወይም ብስባሽ ይቀላቀል፤ አፈሩ ዋልካ ከሆነ አንድ እጅ አሸዋ ይጨመር። የታመመ ባቄላ ገለባ ወደ ብስባሽ ጉድጓድ አይጣል፤ ይቃጠል። ዩሪያ አያስፈልግም፤ ቅጠሉን አብዝቶ ፍሬውን ያሳንሳል።

6. አዘራርና እንክብካቤ

ሀ. ነቀዝ ያልነካው፣ ያልተጨማደደ ዘር ተመርጦ ሌሊቱን በውሃ ይደር፤ በሕያው ማዳበሪያ የሚታሽ ከሆነ ከውሃው ከወጣ በኋላ በጥላ ሥር ታሽቶ ወዲያው ይዘራ።

ለ. በአንድ ባለ 20 ሊትር ዕቃ አራት ፍሬ በ5 ሳንቲ ሜትር ጥልቀት ይዘራ፤ ከበቀለ በኋላ ደካማው ተነቅሎ ሦስት ይቅር። ስድስትና ሰባት ማጨቅ ፍሬ አይጨምርም፤ እርጥበት አፍኖ የቅጠል በሽታ ያመጣል።

ሐ. ዕቃው ቀኑን በአብዛኛው ፀሐይ በሚያገኝና ዶሮ በማይደርስበት ሥፍራ፣ ከመሬት ከፍ ብሎ ይቀመጥ። የፍላቂት ነፋስ ተክሉን ስለሚያስተኛው ዘንግ ተተክሎለት በልጥ ይታሰር።

መ. ጣት አፈሩ ውስጥ ሲገባ ደረቅ ከሆነ ይጠጣ፤ እርጥብ ከሆነ ይቆይ።

ሠ. የታችኛው ቆባ መያዝ ሲጀምር የተክሉ ጫፍ ይቀንጠስ። ክሽክሽ የሚሰፍረው በለጋው ጫፍ ላይ ስለሆነ ይህ ያለ መድኃኒት ይቀንሰዋል። የተቀነጠሰው ለጋ ቅጠል እንደ ጎመን ተቀቅሎ ይበላል።

ረ. በአበባው ጊዜ አንድ ተክል ተነቅሎ የሥሩ እባጭ ተቆርጦ ይታይ። ውስጡ ቀላ ያለ ከሆነ ባክቴሪያው በሥራ ላይ ነው፤ ነጭ ወይም አረንጓዴ ከሆነ በሚቀጥለው ጊዜ አፈሩ ይለወጥ ወይም ዘሩ በሕያው ማዳበሪያ ይታሽ።

ሰ. እብጠት ያወጣ ቅጠል ከታየ ተክሉ ከነሥሩ ተነቅሎ ይቃጠል፤ የዚያ ዕቃ አፈር ወደ ማሳ አይደፋ፣ ባቄላም ዳግመኛ አይዘራበት።

7. ለልማት ሠራተኞችና ለማኅበራት

እንዲህ ያለ ሥራ በዘመቻ ሲያዝ በዕቃ ቁጥር ይለካል። በዚህ ቀበሌ ይህን ያህል መቶ ጀሪካን ተሞላ ተብሎ ይጻፋል፤ ስንቱ እሸት እንደሰጠ ግን የሚጠይቅ አይኖርም። እኛ የምንለው ተቃራኒውን ነው። የልማት ሠራተኛው በግንቦት የተሞላውን ሳይሆን በነሐሴ የተበላውን ይቁጠር። ከአንድ መቶ ቤት ይልቅ መሬት የሌላቸውን አሥር ቤቶች መርጦ፣ በየሁለት ሳምንቱ ቢጎበኝ ይሻላል። ያልሆነለትንም ይጻፍ፤ ውርጭ የመታውን፣ ውሃ ያጣውን፣ ቆርምድ የወጣበትን። ይህ መዝገብ ለወረዳው ጽሕፈት ቤትና ለስሪንቃ የግብርና ምርምር ማዕከል ቢደርስ ከየትኛውም የቁጥር ሪፖርት የበለጠ ያገለግላል።

ማኅበራትም የራሳቸው ሥራ አላቸው። በኪሎ ሳይሆን በፍሬ ቁጥር ዘር መሸጥ ወይም ማከፋፈል ይችላሉ፤ ለአምስት ዕቃ ሃያ ፍሬ ይበቃልና። አንዱ የሕያው ማዳበሪያ ከረጢት ለማሳ የተዘጋጀ ስለሆነ፣ አንድ ቀን ቀጥረው አባሎቻቸውን በአንድነት ዘር ቢያሳሹ አንዱ ከረጢት ለብዙ ቤት ይደርሳል። ባዶ የማዳበሪያ ጆንያዎችን ሰብስበው በነፃ ቢሰጡ ደግሞ ማንም ለዚህ ሥራ ጀሪካን አይገዛም። ውሃ የምትቀዳበትን ጀሪካን ቆርጣ አፈር እንድትሞላበት የሚመክራት ካለ ምክሩ አልበጃትም።

በጠቅላላው አስተያየታችን ይህ ነው። በፍላቂትና በላስታ ደጋ በዕቃ የሚዘራው ባቄላ ይሁን፤ ቦሎቄ ወደ ቆላው ይውረድ። ዕቃው ከአራትና ከአምስት አይብለጥ፤ መዝሪያው ግንቦት ይሁን፤ አፈሩ ከታመመ ማሳ አይዛቅ። ለሰዎቹም እውነቱ ይነገራቸው፤ ይህ ሥራ ክረምቱን አያሻግርም፣ በክረምቱ መካከል ግን ለልጆች ጥቂት እሸት ያደርሳል። መሬት ለሌለው ሰው መሬት ወይም ሌላ መተዳደሪያ የማግኘቱ ጥያቄ በጀሪካን አፈር ተመልሷል ተብሎ መዘጋት የለበትም።